የአኔስቲስ ባልጩት

ፔትሮሊማኖ፣ ጃንዋሪ 9 ቀን 1979

ለክርስትና ልጄ ለፖሊክሴኒ፣ ተሰሎንቄ

ከሁሉ በፊት ጤናሽን እጠይቃለሁ። እኔ ከጉልበቴ በቀር ደህና ነኝ፤ እሱም ከኔ ጋር አብሮ ስላረጀ አልቀየመውም። እናትሽ ቫያ ደህና ናት። ለጥምቀት ቄሱ መስቀሉን ወደ ባሕር ሲጥሉ ከፊት ቆማ ነበር። ጎረቤቶች፣ «ልጅሽ ዶክተር የምትሆነው መቼ ነው?» ሲሏት፣ «በጋ ሳይገባ» አለች። «ምን ልታክም?» አሏት። «ድንጋይ። ድንጋይ ከናንተ ይሻላል፤ ቢያንስ አያቃስትም» ብላ መለሰች። ሰዉ ሁሉ ሳቀ፤ እሷ ግን አልሳቀችም።

ደብዳቤሽ ከነሥዕሎቹ ከገና በፊት ደርሶኛል። ሦስት ጊዜ መልስ ጀምሬ ሦስቱንም ቀድጃለሁ፤ ይቅርታ አድርጊልኝ። ልደውልልሽም አስቤ ነበር። ግን ስልኩ ያለው ቡና ቤቱ ውስጥ ነው፤ እዚያ የተናገሩት ነገር ተሰሎንቄ ከመድረሱ በፊት የዓሣ ገበያ ይደርሳል።

በዶክትሬት ጽሑፍሽ የምስጋና ገጽ ላይ ስሜ እንዴት እንዲጻፍ እንደምፈልግ ጠይቀሽኛል። አትጻፊው።

ሥዕል ቁጥር አሥራ አራት ላይ፣ ከኛ ገደል ሁለት በጋ ቆፍረሽ ካወጣሻቸው የድንጋይ መሣሪያዎች ምርጦቹ አሉ። ከሥዕሉ በታች፣ ከቀይ አፈር ሥር እንደተገኙና የመቶ ሺህ ዓመት ዕድሜ እንዳላቸው ተጽፏል። ቁጥር ሦስት፣ ሰባትና አሥራ አንድ የግራ ማዕዘናቸው ተመትቶ ወድቋል። አንቺ «እጀታ እንዲገባበት ሆን ተብሎ የተመታ» ብለሽዋል። ሆን ተብሎ መመታቱስ ልክ ነው። የተመታው ግን ሳንቃ ውስጥ እንዲገባ ነው። የመታውም አባቴ አኔስቲስ ነው።

የመውቂያ ሳንቃ ታውቂያለሽ። ልጅ ሳለሽ በሬዎቹ አውድማው ላይ ሲጎትቱት ክብደት እንድትሆኚ ከላዩ ተቀምጠሽ ዞረሻል። ነዶውን የሚከትፈው ከሥሩ የተሰካው የባልጩት ጥርስ ነው። ያን ጥርስ ለአካባቢው መንደር ሁሉ የሚሠራው አባቴ ነበር፤ የሚሠራውም እዚያው ገደል ሥር፣ ጥላ ያለበት ቦታ ተቀምጦ ነበር። የተበላሸበትንና ከአሮጌ ሳንቃ የነቀለውን እዚያው ይጥለዋል።

ለምን ቀድሜ አልነገርኩሽም? በመጀመሪያው በጋ ወንፊትሽ ላይ ሳየው «የተማሩ ናቸው፤ ራሳቸው ይለዩታል» አልኩ። በሁለተኛው በጋ ተማሪዎችሽ የላይኞቹን ክፍሎቼን ተከራይተው ነበር፤ አንቺም ማታ ማታ እየዘፈንሽ ትገቢ ነበር። ኪራዩና ዘፈንሽ እኩል አፌን ያዙት ብል ደስ ባለኝ። የትኛው እንደከበደ አላውቅም።

የክርስትና አባትሽ ፓስካሊስ


ተሰሎንቄ፣ ጃንዋሪ 20

ኑኖ፣

ስለ ጤናዬ ስለጠየቁኝ አመሰግናለሁ። ደህና ነኝ።

ደብዳቤዎን ሁለት ቀን ይዤ ዞርኩ። ኑኖዬ፣ የክርስትና አባቴ፣ ስለሆኑ በቁጣ ልመልስልዎ አልፈለግሁም። ስለዚህ እንደ ሥራ ጉዳይ ልመልስ።

የአባትዎን ሥራ አልክድም። ነገር ግን እኔ ያወጣኋቸው ድንጋዮች ከላይ ተጥለው የተገኙ አይደሉም። ከላያቸው ሁለት ሜትር ተኩል ቀይ አፈር አለ፤ ከሥራቸው የጥንቱ ባሕር የተወው የዛጎል ንብርብር አለ። ባሕሩ ያን ዛጎል ጥሎ የሸሸው ከመቶ ሺህ ዓመት በፊት ነው፤ ይህን ከእኔ በፊት የሥነ ምድር ሰዎች ለክተውታል። አባትዎ ሁለት ሜትር ተኩል አፈር ቆፍረው ስባሪያቸውን ከሥር ካልቀበሩ በቀር፣ የሚሉት ሊሆን አይችልም። ሰው ቆሻሻውን እንደዚያ አይቀብርም።

ማዕዘኑም ቢሆን ብዙ ሰው በብዙ ዘመን ማዕዘን ይመታል።

ጽሑፉ የሚገባው በሜይ ነው። ከዓይን ትዝታ የተሻለ ነገር ካለዎት ይላኩልኝ። ከሌለዎት ይህን ነገር እዚህ ላይ እንተወው፤ እኔም አልቀየምዎትም።

ፖሊክሴኒ


ፔትሮሊማኖ፣ ጃንዋሪ 30

ልጄ፣

ልክ ነሽ፤ የሽማግሌ ዓይን ማስረጃ አይሆንም። ስለዚህ ማስታወሻ ደብተሬን አወጣሁ። ከ1931 ጀምሮ አንድ ቀን አላስታጎልኩም፤ የሠርጌን ቀን እንኳ ጽፌያለሁ፣ «ብርድ፤ ብዙ ሰው» ይላል። ከ1954ቱ ደብተር እንዳለ ልገልብጥልሽ፦

«ፌብሩዋሪ 11። ዝናቡ ስድስተኛ ቀኑ። ከቁርስ በፊት የገደሉ ከንፈር ተንዶ ወደቀ። የአባቴ መቀመጫና የስባሪው ክምር በሙሉ ከሥሩ ገባ። አባቴ ቆሞ አየውና ‹ትናንት ቢሆን እኔም እዚያው ነበርኩ› አለ። ቀጥሎ እርጎ ጠየቀ።»

አባቴ አልቀበረውም። ገደሉ ነው የቀበረው። ከሥር ያለው ዛጎል የጥንት ነው፤ አልከራከርሽም። ከላይ ያለውም ቀይ አፈር የጥንት ነው፤ ግን ከላይ ተነሥቶ ታች የተኛው በዚያ ጧት ነው። በሁለት ሽማግሌዎች መካከል የተኛ ልጅ እንደነሱ ሽማግሌ አይሆንም።

አባቴ የሚመታው በብረት መዶሻ ነበር። ብረት ባልጩትን ሲነካ ጥቂት ነገር ይተውበታል፤ ያም ይዝጋል። በማጉያሽ የምቱን ቦታ እይው፤ የጥንት ሰው ብረት አልነበረውም። ዝገት ካላገኘሽ እኔ ተሳስቻለሁ፤ ይቅርታሽን ለመጠየቅ በአውቶቡስ እመጣለሁ።

አንድ ነገር ልጨምር፤ እንደ ነጋዴ ነው የምለው። ይህን የሚያውቅ እኔ ብቻ ነኝ፣ ስልሳ ዘጠኝ ዓመቴ ነው። ማየት ካልፈለግሽ አትዪው። ደብተሩ ምድጃ ውስጥ መግባት ይችላል። እንድታደርጊው ስለምፈልግ አይደለም፤ አማራጩ መኖሩን ሳታውቂ መርጠሻል እንዳልል ነው።

ፓስካሊስ


ተሰሎንቄ፣ ፌብሩዋሪ 17

ኑኖ፣

አጭር ነው የምጽፈው፤ ደክሞኛል።

ከመቶ አሥራ ሁለቱ በዘጠና አንዱ ላይ ዝገት አለ። ከመርፌ ጫፍ አይበልጥም፤ ግን አለ። ለማየት አንድ ከሰዓት በኋላ ብቻ ፈጀብኝ። የቁፋሮውን ፎቶዎችም መልሼ አየሁ። የዛፍ ሥር ነው ብዬ ያለፍኩት መስመር የናዳው ጠርዝ ነው። ሁለት ዓመት በየቀኑ አየሁት፣ ሥር ነው አልኩ፤ ሥር እንዲሆን ስለፈለግሁ።

ደብተሩን ምድጃ ውስጥ እንዳይከቱት።

ሃያ አንዱ ግን ሌላ ናቸው። ዝገት የለባቸውም፤ ማዕዘናቸው አልተመታም፤ ቆዳቸው ነጥቷል። በአንዳንዶቹ ላይ ቀይ ቅርፊት ተጣብቋል፤ በቢላ እንኳ አይለቅም። የገደሉ አፈር እንደዚህ አይደለም። ይህ የኖራ ውኃ እየተንጠባጠበበት ድንጋይ የሆነ የዋሻ አፈር ነው። እነዚህ በእውነት የጥንት ናቸው። አባትዎ ከሌላ ቦታ ለጥርስ አምጥተዋቸው፣ ሳይመቿቸው ቀርተው የጣሏቸው ይመስለኛል።

አንድ ጥያቄ ብቻ አለኝ። አባትዎ ድንጋዩን የሚያመጡት ከየት ነበር?

ለእማዬ ምንም አይንገሯት።

ፖሊክሴኒ


ፔትሮሊማኖ፣ ማርች 6

ልጄ ፖሊክሴኒ፣

ጾሙ ትናንት ገባ። ነፋስ ስለነበረ ልጆቹ እንደ ልማዱ የወረቀት ካይት አበረሩ፤ ሁለት ካይቶች የቤተ ክርስቲያኑ ደወል ላይ ተጠመጠሙ፤ ቄሱ መሰላል ሊዋሱኝ መጡ። እናትሽ የጾሙን ኦክቶፐስ ቀቅላ ጠርታኝ ነበር። ስበላ ፊቴን ታየኛለች።

«ፓስካሊስ» አለችኝ፣ «ይህ የጾም ፊት አይደለም።»

«ታዲያ የምን ፊት ነው?»

«የተበላሸ ዱቄት ሸጦ ሰው እስኪመልስበት የሚጠብቅ ሰው ፊት።»

ሱቁ ሥራ የለውም፣ ለዚህ ነው አልኳት። «ልጄ መጻፍ አቆመች፤ አንተ ግን በየሳምንቱ ፖስታ ቤት ትሄዳለህ» አለች። የጉልበቴን መድኃኒት ከተሰሎንቄ እያስመጣሽልኝ ነው ብዬ ዋሸሁ። አሁን ማታ ማታ መድኃኒቱ ሠራ ወይ ብላ ትጠይቀኛለች፤ ስለዚህ እሷ ባለችበት ማነከስ ትቻለሁ፤ እሱም ያማል።

ስላልሽው ነገር አስቤበታለሁ፤ የማይሸጥ ዕቃ ከመደርደሪያ ይነሣል። ሥዕሉን አውጪና ስለ ዛጎሉና ስለ ባሕሩ ብቻ ጻፊ። ያ እውነት ነው፤ ማንም አይነካሽም።

ስለ ድንጋዩ የጠየቅሽኝን በሚመለከት፣ አባቴ ከየትም ይለቅም ነበር። ከወንዝ፣ ከማሳ። በዚያ ዘመን ሰው ድንጋይ ካገኘበት ያነሣል። ከዚህ በላይ አላስታውስም።

ፓስካሊስ


ተሰሎንቄ፣ ማርች 15

ኑኖ፣

«ከየትም» የሚባል ቦታ የለም። ከ1931 ጀምሮ አንድ ቀን ያላስታጎለ ሰው «አላስታውስም» ሲለኝ ምን ልበል? ትንሽ ሳለሁ ከመጋዘንዎ ደጃፍ አስቀምጠው «ጥሩ ነጋዴ ስንዴ ሲነክስ ከየትኛው ማሳ እንደመጣ ያውቃል» ያሉኝ እርስዎ ነዎት። ሃያ አንዱን ነክሻለሁ። ከማሳ አይደሉም፤ ከወንዝም አይደሉም። በወንዝ የተንከባለለ ድንጋይ ጠርዙ እንደዚህ ስል አይሆንም።

ለአማካሪዬ ሁሉንም ነገርኳቸው። «ምስክርሽ አንድ የእህል ነጋዴ ነው?» አሉኝ። ዝገቱን አሳየኋቸው። ለረጅም ጊዜ በማጉያው አይተው መነጽራቸውን አውልቀው ዓይናቸውን አሹ። አልጮኹም። ቢጮኹ ይሻለኝ ነበር።

ስለ ዛጎሉ ብቻ ልጻፍ ብዬ ጠየቅኳቸው፤ የእርስዎን ምክር ማለቴ ነው። የሌላ ሰው ሥራ መድገም ነው አሉኝ። እስከ ጁን መጨረሻ ጊዜ ሰጥተውኛል። ሃያ አንዱ ከየት እንደመጡ ቦታውን ካሳየሁ፣ ጽሑፉ ትንሽም ቢሆን በነሱ ይቆማል። ካላሳየሁ ግን ያበቃል፤ ዩኒቨርሲቲው ውስጥ ያለኝ የረዳትነት ቦታም ለሌላ ሰው ይሰጣል። ዕቃ ከቦታው ሲወጣ ምስክርነቱን ያጣል፣ ኑኖ። በእጄ ያሉት ቦታቸው የጠፋባቸው ሃያ አንድ ድንጋዮች ናቸው።

የሚያውቁትን ይንገሩኝ። ምንም ቢሆን።

ፖሊክሴኒ


ፔትሮሊማኖ፣ ማርች 27

ፖሊክሴኒ፣

ሰላምታውን ልተወው፤ ዛሬ አይገባኝም።

ባለፈው የጻፍኩልሽ ውሸት ነው። ከቅዱስ ኤልያስ ጸሎት ቤት ወደ ደቡብ፣ ባሕሩ ላይ ቀዩ አፍ የምንለው ዋሻ አለ። አንቺ የምታውቂው ባዶውን ነው፤ ድሮ እስከ ጣሪያው አጠገብ ድረስ አፈር የሞላ ነበር። አባቴ ባልጩቱን የሚያመጣው ከዚያ ነበር። ከወንዝ ድንጋይ ሰብሮ ከመሥራት፣ እዚያ ያለቀ መልቀም ይቀላል ይል ነበር። «ከኛ በፊት የሠራ ሰው አለ» ይለኝ ነበር፤ «ጎበዝ ሠራተኛ ነው፤ ብቻ መዶሻ አልነበረውም።» ፊደል የማያውቅ ሰው ነበር።

በ1957 የወደቡ ግንብ ሲሠራ ከጀርባው የሚሞላ አፈር ጠፋ። ተቋራጩ ሱቄ መጥቶ ምሬቱን ነገረኝ። ዋሻው ያለበት መሬት በስሜ ነበር፤ መንገዱም በዚያን ጊዜ እስከ አፉ ይገባ ነበር። ሸጥኩት። ዛሬ መረብ የሚሰጣበት ሜዳ፣ በዓል ሲሆን የሚጨፈርበት፣ እሱ ነው። ከአፈሩ ጋር አጥንት ይወርድ ነበር፤ ውሾች ይቀማሙበት ነበር።

አንቺ ዕቃ ከቦታው ሲወጣ ምስክርነቱን ያጣል ትያለሽ። በኔ ሥራ ዕቃ ዋጋ የሚያወጣው ከቦታው ሲወጣ ነው። ዕድሜዬን በሙሉ ከዚህ ውጭ አስቤ አላውቅም። የዚያን ጊዜውን ደብተር ትናንት ገለጥኩት። መኪናው በተመላለሰባቸው ቀናት ሁሉ የጻፍኩት «ደቡብ ነፋስ። ሥራ ብዙ» ብቻ ነው። ዘጠኝ ቀን፣ ዘጠኝ ጊዜ። ስለ አፈሩ አንድ ቃል የለም። ሰው የማያሳፍረውን ነገር እንደዚያ አይደብቅም።

አባቴስ? ቀን ቀን መኪናው ሲጭን አጠገቡ ቆሞ ያያል፤ ማታ ሁለቱን ኪሱን በባልጩት ሞልቶ ይገባል። እናቴ «ሱሪህን ቀደድከው» ትለዋለች። «የሚሰፋ ነው» ይላል።

በዚያው ክረምት አንድ የመውቂያ ሳንቃ ጀመረ። ሳንቃ የሚገዛ ሰው ካለቀ ቆይቷል፤ የመውቂያ ማሽኑን እዚህ ያመጣሁት እኔው ራሴ ነኝ።

«ለማን ነው?» አልኩት።

«ለማንም።»

«ታዲያ ለምን ትደክማለህ?»

«አንተ ሳትሸጠው የሚቀር አንድ ነገር ይኑር ብዬ ነው።»

ጥርሶቹ በሙሉ ከቀዩ አፍ ናቸው። አንዱንም ማዕዘን አልመታም። ድንጋዩን ለሳንቃው እንደማበጀት፣ ሳንቃውን በእያንዳንዱ ድንጋይ ልክ ፈለፈለው። ሲጨርስ ጸደይ ገብቶ ነበር፤ በበጋው ሞተ። ሳንቃው አውድማ አይቶ አያውቅም፤ መጋዘኔ ጣሪያ ሥር ተሰቅሏል። ሁለት ጊዜ ገዢ መጥቶበታል፤ አንዱ የሆቴል ግድግዳ ላይ ሊሰቅለው ነበር። አልሸጥኩትም። በዚህ ብቻ አባቴን ሰምቻለሁ።

ከፈለግሽው በአውቶቡስ እልከዋለሁ። ካልፈለግሽም ይገባኛል።

ፓስካሊስ


ተሰሎንቄ፣ ኤፕሪል 8

ይላኩት። በብርድ ልብስ ይጠቅልሉት፤ ጥርሶቹ ወደ ላይ ይሁኑ። አንዱም እንዳይነቀል።

ለፋሲካ አልመጣም። ለእማዬ ራሴ ጽፌላታለሁ፤ ስለ ዋሻው ግን አልጻፍኩም። እሱን የሚነግሯት እርስዎ ነዎት።



ፖሊክሴኒ


ፔትሮሊማኖ፣ ሜይ 13

ልጄ ፖሊክሴኒ፣

ፋሲካው አልፎ ለሰላምታው ዘገየሁ፤ ቢሆንም ክርስቶስ ተነሥቷል።

በመጀመሪያ ስለ እናትሽ። ደብዳቤሽን ቄሱን አስነበበቻቸው፤ ስለዚህ መንደሩ በሙሉ ሰምቷል። ቡና ቤት ውስጥ አንዱ ሊቀልድ ሲጀምር ቫያ በመስኮት አንገቷን አስገብታ «ልጄ በድንጋይ ተሳሳተች እንጂ በሰው አልተሳሳተችም። አንተ በሚስት ተሳስተህ ማን ሳቀብህ?» አለችው። ስለ ዋሻው እኔ ነገርኳት። ድስቱን ከእሳት አወረደችና «ስለዚህ ሃያ ዓመት ሙሉ የጨፈርንበት የልጄ ዶክትሬት ነበር?» አለችኝ። ከዚያ ሳህን ሰጠችኝ። ይቅርታ ይሁን ልማድ አልጠየቅኳትም።

አሁን ሳንቃው ሲደርስሽ ወደ ጻፍሽልኝ ጥያቄ። ከፊት ያሉት የጥርስ ረድፎች ለምን ቀጫጭን፣ ወደ ኋላ ሲሄድ ለምን ሰፋፊና ከባድ እንደሆኑ ጠይቀሽኛል፤ አባቴ ስለዚህ የተናገረው ነገር እንዳለም።

አልተናገረም። እኔም አልጠየቅሁትም። ነገር ግን ረድፎቹ ዘጠኝ ናቸው ብለሽ ስትጽፊልኝ ደብተሩን እንደገና ከፈትኩ። ሠራተኞቹ አፈሩን ከላይ ወደ ታች ነበር የሚያነሡት። አባቴ በየማታው የየቀኑን ኪስ ይዞ ይገባል። ዘጠኝ ጊዜ ደቡብ ነፋስ፣ ዘጠኝ ረድፍ። የመጀመሪያው ቀን ከፊት፣ ከሥር የወጣው የመጨረሻው ቀን ከኋላ። ይመስለኛል እንጂ አልምልበትም። አማካሪሽም በአንድ የእህል ነጋዴ «ይመስለኛል» እንደማይረኩ አውቃለሁ።

ስለዚህ ዋሻውን ራሴ ላየው ሄድኩ። ዕቃ ሲጫን ጥግ ላይ የሚቀር አይጠፋም፤ ይህን ከመጋዘን አውቃለሁ። መንገዱን ባሕሩ ስለበላው፣ ዓሣ አጥማጁ ኮስማስ በጀልባው ይዞኝ ሄደ።

«ባርባ ፓስካሊስ» አለኝ፣ «በዚህ ዕድሜዎ ዋሻ ውስጥ ምን ጠፋዎት?»

«ከሸጥኩት ዕቃ የተረፈ እንዳለ ላየው ነው።»

«ከሃያ ሁለት ዓመት በኋላ?»

«ገዢው የመጣው አሁን ነው።»

«እኔ ደግሞ የሸጥኩት ዓሣ በማግሥቱ አላውቅህም ይለኛል» አለና ሞተሩን አጠፋ።

ከጀልባው አውርዶ ድንጋዮቹ ላይ አወጣኝ፤ ጉልበቴ የሚለውን ልጽፍልሽ አልችልም፣ አንቺ ሴት ልጅ ነሽ። ውስጡ ባዶ ነው። የእጅ ባትሪ ይዤ እስከ ጀርባው ገባሁ። በግራ በኩል፣ ግድግዳው ላይ፣ ከጉልበቴ ጀምሮ እስከ ደረቴ ድረስ ቀይ ነገር ተጣብቋል። ስፋቱ ሁለት ስንዝር ነው። ድንጋይ የሆነ አፈር ነው። ዙሪያውን የዶማ ጠባሳ አለ፤ ሠራተኞቹ ሞክረውት እንቢ ብሏቸዋል። ላንቺ የተረፈው እኔ ሳስቼለት ሳይሆን በጥንካሬው ነው፤ እኔ ምንም አላተረፍኩልሽም።

ባትሪዬን አስጠግቼ ከታች ወደ ላይ ቀስ ብዬ አየሁት። ውስጡ ባልጩት አለ። ከጉልበቴ አጠገብ ያሉት ሰፋፊና ወፍራም ናቸው። ደረቴ አጠገብ ያሉት ቀጫጭን ናቸው። ዓይኔ የሽማግሌ ዓይን ነውና ኮስማስንም ጠራሁት። ምንም ሳልነግረው «የቱ ይከብዳል?» አልኩት። «የታቹ» አለ። የሳንቃውም ተራ እንዲሁ ነው።

ከላይ በኩል አንዱ፣ ጥርስ ከድድ እንደሚወጣ፣ ግማሹ ወጥቶ ይታያል። ትንሽ ቢነካ የሚወድቅ ይመስላል። ኪሴ ውስጥ መሐረብ ነበረኝ። በደብዳቤ ውስጥ አድርጌ ብልክልሽ ምን ያህል ደስ እንደሚልሽ አስቤ እጄን ዘርግቼ ነበር። ኮስማስም «ያውጡት እንጂ ባርባ፣ ምን ይጠብቃሉ?» አለኝ።

ከጁን መጨረሻ በፊት ነይ። ጧት ጧት ባሕሩ ጸጥ ይላል፤ ኮስማስን ለሁለት ሳምንት ይዤልሻለሁ። አማካሪሽንም አምጪያቸው፤ ክፍሎቹ ባዶ ናቸው።

በምስጋናው ገጽ ላይ የአባቴን ስም አስገቢ። ሙያውን «ጥርስ ሠሪ» ብለሽ እንዳትጽፊ፤ ሐኪም ያስመስለዋል። «የመውቂያ ሳንቃ ሠሪ» በዪው። የኔን ስም እንዳትጽፊ ያልኩሽ አሁንም እንዳለ ነው።

የዕለቱን ማስታወሻ ስመለስ ጻፍኩ። አጭር ስለሆነ ልገልብጥልሽ፦

«ሜይ 12። ነፋስ የለም። ቀዩ አፍ ሄድኩ። ምንም አላነሣሁም።»

ፓስካሊስ